ያረፈደ አቤት

በዚህ ማለዳ ሥራችሁን ጥላችሁ፣ ሱቃችሁን ዘግታችሁ እትዬን ልትሸኙ የመጣችሁ ቤተ ዘመዶች፣ ጎረቤቶችና የሥራ ባልደረቦች፣ እንዲሁም ማንም ሳያዛችሁ ከኋላ በኩል በሰልፍ የቆማችሁ የቀድሞ ወታደሮች፤ የእኅታችንን የሕይወት ታሪክ የማንበብ አደራ የወደቀው በእኔ ላይ ነው። እኔ የአክስታቸው ልጅ ነኝ፤ ሠላሳ ሦስት ዓመትም የፊልሞቻቸው አቀናባሪ ሆኜ አብሬያቸው ሠርቻለሁ። ሥራዬ መቁረጥ ነው። ዛሬ ከረዘመባችሁ ግን ይቅር በሉኝ፤ ምንም ሳልቆርጥ ሳቀርብ ይህ የመጀመሪያዬ ነው።

የዚህን ጽሑፍ ረቂቅ እትዬ በሕይወት ሳሉ አንብበውታል። “ታላቅ”፣ “ዝነኛ”፣ “ብርቅዬ” የሚሉትን ቃላት በሙሉ በቀይ እስክሪብቶ ሰርዘው፣ በኅዳጉ ላይ “ሰው ቆሞ ነው የሚያዳምጥህ” ብለው ጽፈውብኛል። የመጨረሻውን ገጽ ግን ከእኔ ነጥቀው ራሳቸው ጻፉት፤ እዚያ ስንደርስ እንደርሳለን። ገጹ የሚናገረው ስለ ወንድማቸው ነው፤ ቤተ ሰባችን ከሟቾች ይቁጠረው ወይስ በሕይወት ካሉት፣ አርባ አምስት ዓመት ሙሉ ሳይቆርጥለት ስለኖረው ልጅ። ከአለቃ እስከ ጥበቃ ድረስ ሁሉም እትዬ ይሏቸው ስለነበር እኔም በዚያው እቀጥላለሁ።

እትዬ የተወለዱት ከጋራዡ ጀርባ ባለችው ባለ ሁለት ክፍል ቤት ውስጥ ነው። አባታቸው ልብስ ሰፊ ነበሩ፤ ቀኑን ሙሉ ስፒል በከንፈራቸው ይዘው ስለሚውሉ ብዙ አይናገሩም፣ ሲናገሩም አፋቸውን ሳይከፍቱ ስለሆነ እኛ ልጆቹ የሚሉትን ከዓይናቸው ማንበብ ለምደን ነበር። እናታቸው፣ የእኔም አክስት፣ የአንደኛ ክፍል መምህርት ነበሩና የባላቸውን ድርሻ ጨምረው ይናገሩ ነበር።

መምህርቷ በየማለዳው ስም ይጠራሉ፤ ተጠሪውም “አቤት” ማለት አለበት። “አለሁ” ወይም “እዚህ ነኝ” ያለ ልጅ፣ ከፊታቸው ተቀምጦ እያዩትም ቢሆን፣ እንደገና ይጠራል። ነገር ግን ይህን ያህል ጥብቅ የነበሩት ሴት “ቀሪ” የምትባለውን ቃል የመጨረሻው ደወል ሳይደወል በመዝገባቸው ላይ አስፍረው አያውቁም ነበር። እስከዚያው ድረስ ካልመጣው ልጅ ስም ጎን በእርሳስ “አረፈደ” ብለው ይጽፉና ይጠብቁታል። ርእሰ መምህሩ በዚህ ጉዳይ ሁለት ጊዜ በደብዳቤ ቢገሥጿቸውም፣ ልጅ መንገድ ላይ ነው ብሎ ማሰብ ማንን እንደሚጎዳ በጽሑፍ ይገለጽልኝ ብለው መለሱላቸው። ከትምህርት ቤት በተረፈ አሮጌ መዝገብም የቤታቸውን ሰዎች ስም ጽፈው፣ ማታ ማታ ወደ ቤት ለራት ሲጠሩን ያንኑ ሥርዓት ያስኬዱ ነበር።

እትዬ በመጀመሪያው ጥሪ “አቤት” የሚሉ ልጅ ነበሩ። አራት ዓመት የሚያንሳቸው ወንድማቸው ግን እንዲያ አልነበረም። ሲጠራ ዝም ይላል። አልጋ ሥር፣ ከበር ጀርባ፣ አንዳንዴም ከጠሪው በሁለት ክንድ ርቀት ላይ ተቀምጦ ዝም ይላል፤ ከዚያ ጠሪው ተስፋ ቆርጦ ፊቱን ሲያዞር፣ ዝቅ ባለና ባልቸኮለ ድምፅ “አቤት” ይላል። አላገጠ ተብሎ ተገርፏል፤ ጆሮውን ታመመ ተብሎም ታክሟል። ሐኪሙ ጆሮው ከሁላችንም የተሻለ እንደሆነ ሲናገር ነገሩ ሁሉ ተዘጋ፤ መልሱም ወንዝ ተሻግሮ የሚመጣ ይመስል ስለነበር ሰፈሩ ማዶ ብሎ ስም አወጣለት። ማዶ ከእኔ በሁለት ወር ይበልጣል፤ ያቺን ሁለት ወር ሲያስቆጥረኝ ነው የኖረው።

እትዬ ፊደል የቆጠሩት በእናታቸው ክፍል ሲሆን፣ ሁለተኛ ደረጃን ሲያጠናቅቁ ከአውቶቡስ መናኸሪያው አጠገብ በሚገኝ ፎቶ ቤት ተቀጠሩ። ፊልም ማጠብን፣ የፊት ጠባሳን በቀጭን ቡርሽ መሸፈንን፣ ፎቶ ሊነሣ መጥቶ የሚንቀጠቀጥን ሰው ማረጋጋትን የተማሩት እዚያ ነው። በፎቶ ቤቱ ግድግዳ ላይ አንድ ጥቁር ኮትና አንድ ክራባት ተሰቅለው ነበር፤ ለመታወቂያ የሚነሣ ሁሉ እነሱን ለብሶ ይነሣና መልሶ ይሰቅላል።

የወታደር ምልመላው ጊዜ ሲመጣ፣ በአንድ ከሰዓት በኋላ ራሳቸውን የተላጩ አርባ ሦስት ወጣቶች ተሰልፈው መጡ። ኮቱ ከትከሻ ወደ ትከሻ ሲተላለፍ ዋለ፤ ወደ መጨረሻው ላይ ከውስጥ በላብ ርሶ፣ ከውጭ ደግሞ ገና የሰው ሙቀት እንዳለበት እትዬ ሁልጊዜ ያነሡ ነበር። ማዶ ሠላሳ ስምንተኛው ነበር። እትዬ ዓይኑን ቀና እንዲያደርግ ስሙን ጠሩት፤ እሱም እንደ ልማዱ ካሜራው ቀጭ ካለ በኋላ “አቤት” አለ። በፎቶው ላይ አፉ ሊከፈት ጥቂት ቀርቶታል።

ዓመት ሳይሞላ እናቶች እነዚያን ትንንሽ ፎቶዎች በመሐረብ ጠቅልለው፣ ለግድግዳ እንዲሆኑ ተለቅ ተደርገው ይታጠቡልን እያሉ ወደ ፎቶ ቤቱ መምጣት ጀመሩ። እትዬ ያጥቡላቸዋል፤ ማታም ሊያጽናኑ ይሄዳሉ፤ ከዚያ ወዲያ በሰፈሩ ውስጥ የገቡበት ቤት ሁሉ ያ ኮት ከግድግዳ ላይ ይጠብቃቸው ነበር። ኮቱ ራሱ ሰው እየቀያየረ ከቤት ቤት የሚዞር እየመሰላቸው መፍራት ጀመሩ። አንድ ቀን ከፎቶ ቤቱ ግድግዳ አውርደው፣ አጣጥፈው ሣጥን ውስጥ ከተቱት፤ በማግስቱም ሥራቸውን ለቀቁ።

ከማዶ ሁለት ደብዳቤዎች መጡ። ሁለቱም ስለ ካልሲ ነበሩ። ከዚያ በኋላ ምንም አልመጣም፤ የጦር ክፍሉ ፈርሶ ከሌላ ክፍል ጋር ተቀላቅሏል፣ የስም ዝርዝሩም በእሳት ጠፍቷል ከመባል በቀር የሞቱንም ሆነ የመኖሩን ወሬ የሚያመጣ ሰው ጠፋ። ሦስት ዓመት ሲያልፍ የሰፈሩ ሽማግሌዎች ተሰብስበው መጡ። ልጁ አረፈ ብለው ይቀበሉና እንደ ሰው ልቅሶ ይቀመጡ፣ እኛም እናጽናናዎ ብለው ለመኗቸው። አክስቴም እንደ ተማሪ አንድ በአንድ ካዩአቸው በኋላ፣ “አንድ ፊደል ጎድሎባችኋል፤ ‘ደ’ን ረሳችኋት። አረፈደ ነው የሚባለው” አሏቸው። ከሽማግሌዎቹ አንዱ ሳቃቸው አምልጧቸው በመሐረብ አፋቸውን ሸፈኑ፤ ደጅ ከወጡ በኋላ ግን ያንኑ መሐረብ ወደ ዓይናቸው እንደወሰዱት አይቻለሁ።

አክስቴ ከዚያ በኋላም ማታ ማታ ከደጃፉ ቆመው የልጆቻቸውን ስም መጥራት አልተዉም። እትዬ ከውስጥ “አቤት” ይላሉ፤ ቀጥሎ ማዶ ይጠራል፤ ከዚያ ይጠበቃል። በዚያች ሰዓት ጎረቤቱ ሁሉ የሬዲዮውን ድምፅ ይቀንስ ነበር፤ ማንም ሳይነግረው፣ ለምንስ እንደሚቀንስ ሳይነጋገር። አባታቸው ሲያርፉ በዜና ሕይወታቸው መጨረሻ ላይ ማዶ በሕይወት ካሉት ልጆች ጋር ተጠራ፤ ከለቀስተኛው መካከል አንድ ሰው ከመሳሉ በቀር የተቃወመ አልነበረም።

እትዬ ከፎቶ ቤቱ እንደወጡ በቴሌቪዥን ጣቢያው የፊልም ክፍል ውስጥ የፊልም ጥቅል ጠራጊ ሆነው ተቀጠሩ። ከጠራጊነት ወደ ካሜራ ረዳትነት፣ ከዚያም ወደ ካሜራ፣ በሠላሳ አምስት ዓመታቸውም ወደ አዘጋጅነት አደጉ። እኔን ያስቀጠሩኝ እሳቸው ናቸው፤ ከዚያ በፊት የመጻሕፍት ጠራዥ ነበርኩና መቀስ አያያዜን አይተው “ይህ ይሆነናል” አሉ።

የመጀመሪያው ፊልማቸው ከጦርነት ስለተመለሱ ተራ ወታደሮች ነበር፤ የኋላ ኋላም ከዚያ ሌላ ጉዳይ ነክተው አያውቁም። ጄኔራል አይቀርጹም፣ ካርታ አያሳዩም፣ ማን አሸነፈ ብለው አይጠይቁም። ሹፌሩን፣ ወጥ ቤቱን፣ ቁስለኛ ተሸካሚውን፣ ደብዳቤ አዳዩን ከሚኖርበት ቤት ሄደው፣ በለመደው ወንበር ላይ አስቀምጠው፣ ጫማው ምን ያህል ይጠበው እንደነበር፣ መጀመሪያ የፈራው መቼ እንደሆነ፣ ከሞተ ሰው ኪስ ምን አውጥቶ እንደሚያውቅ ይጠይቁታል። አንድ ወጥ ቤት የነገራቸውን ሁላችሁም ታስታውሱታላችሁ። ሠላሳ ሰው ከምሽጉ ወጥቶ አሥራ ስምንት ሲመለስ፣ ወጥ ቤቱ ቁጥሩን ለመቀነስ እጁ እምቢ ስላለው በማግስቱም ለሠላሳ ሠራ። የቀረውን ሊደፋ ድስቱን ሲከፍት ባዶ ሆኖ አገኘው። ከአሥራ ስምንቱ አንድም ሰው ሁለት ጊዜ እንዳልበላ በየተራ ጠይቆ አረጋግጧል፤ ሳምንቱን በሙሉ ለሠላሳ ሠራ፣ ሳምንቱን በሙሉ ምንም አልተረፈም። ሰውዬው ይህን ሲናገር አልተጨነቀም፤ ሽንኩርት ስንት ይበቃል እንደሚል ሰው ነበር የተናገረው።

እትዬ ከማንኛውም ጥያቄ በፊት የሚያስቀድሙት አንድ ነገር ነበራቸው። ወታደሩን፣ የቡድንህን ልጆች አለቃችሁ በሚጠራበት አኳኋን ጥራልኝ ይሉታል። ግንባር የደረሰ ሰው ሁሉ አዲስ ቅጽል ስም ይወጣለት ስለነበር፣ በቤቱ ማን እንደሚባል የሚያውቅም የሚጠይቅም ጓደኛ አልነበረም፤ ስለዚህ የሚጠሩት ማንኪያ፣ ቡሎን፣ ሻማ፣ ዝናቡ የመሳሰሉ ስሞች ነበሩ። ወታደሩ አንዱን ስም ጠርቶ ጥቂት ዝም ይላል፣ ሌላውን ጠርቶ ጥቂት ዝም ይላል። የማዶን ፎቶ ቢያሳዩአቸው ግን አንድም የሚለይ ሰው አልተገኘም፤ ራሱን የተላጨ፣ ጥቁር ኮት የለበሰ ልጅ ሁላችንም ነን ይሏቸው ነበር።

አሁን ስለ ራሴ ጥፋት እናገራለሁ፤ እትዬ ይህን አንቀጽ ሊሰርዙት ፈልገው ነበር፣ እኔ ነኝ እምቢ ያልኩት። ያ የመጀመሪያው ፊልም ሃምሳ ሁለት ደቂቃ እንዲሆን ታዝዞ እኛ ግን ሃምሳ ስድስት ሆኖብን ነበር። እኔም አራት ደቂቃ የት እንደማገኝ ሳስብ፣ በስሞቹ መካከል ያለው ዝምታ ታየኝ። ማንም ምንም የማይናገርበት ጊዜ ነውና ሁሉንም ቆራርጬ እኩል አደረግኋቸው። ከተቀረጹት አንዱ ጫማ ሰፊ ነበር፤ የአሥራ ሁለት ጓደኞቹን ቅጽል ሲጠራ ከአንደኛው በኋላ በጣም ስለቆየ ካሜራማኑ ረስቶት ነው ብሎ ሊያቆም እንደነበር አስታውሳለሁ። በሥራ ደብተሬም ላይ “ረጅም ዝምታ፣ 14 ሰከንድ፣ ይቆረጥ” ብዬ ጻፍኩ። ከየትኛው ስም በኋላ እንደሆነ አልጻፍኩም። የካሴት እጥረት ስለነበረ ጥሬው ቀረጻ ተደምስሶ የዶሮ እርባታ ትምህርት ተቀረጸበት። ፊልሙ ለወታደሮቹ በታየ ቀን፣ ሁሉ ሲያጨበጭብ ከኋላ ወንበር አንድ አካል ጉዳተኛ በክራንቻቸው ተነሥተው፣ “ልጆቹ እንዳይመልሱ አድርጋችኋቸዋል” ብለው ከአዳራሹ ወጡ። እኔም የእኚህን ሰው ነገር ለሕመማቸው ሰጥቼ ወደ ቤቴ ሄድኩ።

በዚያው ዘመን እትዬ ከመድኃኒት ቀማሚው ባለቤታቸው ጋር ትዳር መሠረቱ። ማዶ ሳይመጣ አልድርም ያሉትን እናታቸውን ለማሳመን ሰባት ዓመት የፈጀ ሲሆን፣ ሙሽራው በሰባቱም ዓመት በየእሑዱ እየመጡ “ዛሬስ?” ብለው ሲጠይቁና በሳቅ ሲሸኙ ኖረዋል። በሠርጉ ፎቶ ላይ ከሙሽሪት በስተግራ የአንድ ሰው ቦታ ክፍት ነው። አንዲት ሴት ልጅ ወልደዋል፤ ዛሬ የጥርስ ሐኪም ናት። በልጅነቷ ስሟ ተጠርቶ ሳያልቅ “አቤት” ትል ነበር፤ ያን ጊዜ አያቷ እጃቸውን ደረታቸው ላይ አድርገው እፎይ ሲሉ እናይ ነበር።

ከመጀመሪያው ፊልም ስምንት ዓመት በኋላ እትዬ አንድ የአውቶቡስ ረዳት የነበረ ወታደር ሲቀርጹ፣ በስሞቹ መካከል ዝምታው ለምን አንዴ እንደሚያጥር አንዴ እንደሚረዝም ጠየቁት። እሱም፣ “ልጆቹ ‘አቤት’ ሲሉ ነዋ የምንጠብቀው። ፈጣኑን በቶሎ፣ ቀርፋፋውን በእሱ ልክ” አላቸው። እትዬ ቀረጻውን እዚያው አቋርጠው በታክሲ ወደ ማቀናበሪያ ክፍሌ መጡ። የጫማ ሰፊውን ጥሬ ካሴት አምጣ አሉኝ። ሲገቡ ፊታቸውን አይቼ ነገሩ ምን እንደሆነ ሳይነግሩኝ ገባኝ፤ ካሴቱን ከፈትኩላቸው፣ አንድ ነጭ ዶሮ ወጣች። ጫማ ሰፊው ከዓመት በፊት ሞቷል ተባለ። ከአሥራ ሁለቱ ቅጽሎች አንዱ ምናልባት የማዶ ነበር፤ የትኛው እንደሆነ በዚህ ዓለም የሚያውቅ የእኔ ደብተር ብቻ ነበር፣ እሱም አልጻፈውም። እትዬ አልተቆጡኝም። ወንበር ስበው አጠገቤ ተቀመጡና ዶሮዋን እስከ መጨረሻው አብረን አየን። ቢሰድቡኝ በወደድኩ።

እናታቸው በሰማንያ አንድ ዓመታቸው አረፉ። ዕድሜያቸውን በሙሉ ሰው ሲጠሩ የኖሩት እኚህ ሴት፣ በመጨረሻዋ ቀን ከሰዓት በኋላ እኛ በዙሪያቸው ተቀምጠን ሳለ፣ ማንም ሳይጠራቸው፣ ፊታቸውን ወደ መስኮቱ መልሰው እንደ ታዘዘ ልጅ “አቤት” አሉ። ሌላ ቃል አልጨመሩም። በዜና ሕይወታቸውም እትዬ በራሳቸው እጅ ማዶን በሕይወት ካሉት ጋር ጻፉት፤ ባንቃወምም በልባችን ይህ ነገር እስከ መቼ ነው ያልን ጥቂቶች አልነበርንም።

የመጨረሻው ፊልም የተሠራው ከሦስት ዓመት በፊት ነው። የመጀመሪያው ፊልም እንደገና ሲተላለፍ ያየች አንዲት ሴት፣ ጫማ ሰፊው የጠራቸው አሥራ ሁለት ስሞች አባቴ በየቀኑ በረንዳ ላይ ሆነው የሚጠሯቸው ስሞች ናቸው ስትል ደብዳቤ ጻፈች። አባቷ የቡድኑ አሥር አለቃ፣ ስም ጠሪው ራሳቸው ነበሩ። የትምህርት ቤት ጥበቃ ሆነው ጡረታ ወጥተዋል፤ ዓይናቸውም ደክሟል። ይጠብቁት በነበረው ትምህርት ቤት፣ በዕረፍት ቀን፣ በአንድ ባዶ ክፍል ውስጥ ልንቀርጻቸው ተቀመጥን። የድምፅ ባለሙያው ታሞ ስለነበር ማዳመጫውን ያደረግኩት እኔ ነበርኩ። በክፍሉ ውስጥ ከአሥር አለቃው፣ ከእትዬ፣ ከካሜራማኑና ከእኔ በቀር ማንም አልነበረም።

አሥር አለቃው ተነሥተው ቆሙ፤ ተቀምጦ ስም አይጠራም አሉ። ቡሎንን ጠሩ፣ ጥቂት ቆዩ፤ ሻማን ጠሩ፣ ጥቂት ቆዩ። ሰባተኛው ማንኪያ ነበር። ማንኪያን ጠርተው ዝም አሉ። ዝምታው ሲረዝምብኝ ከልማዴ የተነሣ ዓይኔ ወደ ሰከንድ ቆጣሪው ሄደ፤ አሥር፣ አሥራ አንድ፣ አሥራ ሁለት። አሥራ አራት ሲሞላ በማዳመጫው ውስጥ፣ ከማይክራፎኑ ራቅ ብሎ፣ ዝቅ ባለና ባልቸኮለ ድምፅ “አቤት” ሲል ሰማሁ። አሥር አለቃው መልሱን እንደተቀበለ ሰው ራሳቸውን ነቅንቀው ስምንተኛውን ስም ጠሩ። ወደ እትዬ ዞር አልኩ፤ ማዳመጫ አላደረጉም፣ አፋቸውም ዝግ ነበር፤ የሚያዩት ግን በሩን ነበር።

እትዬ ቀጥለው የማንኪያን ፍጻሜ ጠየቋቸው። አሥር አለቃውም፣ “ባፈገፈግንበት ቀን ከሸለቆው ወጥተን ስም ጠራሁ። ማንኪያ ላይ ስደርስ ዝም አለ። እሱ ሁልጊዜ ስለሚዘገይ አልደነገጥኩም። ግን ከኋላችን እየመጡብን ነበርና ሳልጨርስለት ተነሡ አልኩ። ከሄድን በኋላ መልሶስ እንደሆነ? ይኸው ከዚያን ቀን ወዲህ እየጨረስኩለት ነው” አሉ። ፎቶውን ሲሰጧቸው ወደ ዓይናቸው አስጠግተው ብዙ ካዩ በኋላ፣ ልጁን አላውቀውም፣ ኮቱን ግን አውቀዋለሁ ብለው መለሱ።

ቀረጻውን ከእትዬ ሌላ ለሦስት ሰው አሰምቻለሁ። የእትዬ ባለቤት የበር ማጠፊያ ነው አሉ፤ ልጃቸው ምንም አልሰማሁም አለች፤ የድምፅ ባለሙያው ወንበር ነው ብሎ ከዚያ ወዲያ ያን ካሴት ብቻውን ሆኖ ለመክፈት አልወደደም። እትዬ አንድ ጊዜ ብቻ፣ ዓይናቸውን ጨፍነው ሰሙት። ከዚያ ማዳመጫውን ቀስ ብለው ጠረጴዛው ላይ አስቀምጠው፣ “አሁንም አመሉን አልተወም” አሉና ሻይ ሊጠጡ ወጡ። ከዚያ በኋላ ፊልሙን ሳቀናብር አጠገቤ ተቀምጠው እጄን ይጠብቁ ነበር።

ባለፈው ዓመት የጉሮሮ ሕመም አገኛቸው፤ ሕክምናው ሕይወታቸውን ቢያራዝምም ድምፃቸውን ወሰደው። ሲጠሩ የአልጋውን ብረት በጣታቸው ሁለት ጊዜ መታ መታ በማድረግ ይመልሱ ነበር። ሰው ጠርቷቸው ሳይጨርስ ይመልሱ የነበሩት እትዬ፣ ባለፉት ሳምንታት መልሳቸው እየዘገየ፣ እየዘገየ ሄደ፤ ልጃቸው ጠርታቸው ትንፋሿን ይዛ የምትጠብቅበት ጊዜ በየቀኑ ይረዝም ነበር። ባለፈው ማክሰኞ ጠዋት ጠራቻቸው፤ እጃቸውን ይዛ ጠበቀቻቸው። በተወለዱ በስድሳ ስምንት ዓመታቸው ከዚህ ዓለም ድካም አረፉ። በጣም ናፍቀውኛል፤ ይህን ቃል እንደማይሰርዙት አውቃለሁ።

እትዬ ሰባት ዓመት የጠበቋቸውን ባለቤታቸውን፣ አንዲት ሴት ልጃቸውን፣ እኔን አቀናባሪያቸውን፣ እንዲሁም ድምፃቸውን በአደራ የሰጧቸውን ሁለት መቶ ስድሳ አንድ ወታደሮች ትተው ሄደዋል። እዚህ ላይ የመጨረሻው ገጽ ይጀምራል፤ ቃሉም የእሳቸው ነው። “ማዶን ከሟቾች ጋር አትቁጠረው፤ በሕይወት ካሉትም ጋር አትጻፈው። ሁለቱንም አናውቅም። አንተ ጥራው፤ ከጠራኸውም በኋላ አሥራ አራት ሰከንድ ዝም በል። የቆረጥከውን የምትመልስበት ጊዜ ይህ ነው። ሲያበቃ በእማዬ መዝገብ ላይ እሷ የምትጽፈውን ጻፍ።”

መዝገቡ በእጄ ነው፤ እርሳሱም አለ። ሳል ያለባችሁ ጥቂት ታገሡልኝ። አሁን እጠራዋለሁ።

ማዶ።

 

ይህን መዝጊያ የጻፍኩት ትናንት ከሰዓት በኋላ ስለሆነ፣ አሁን የሰማችሁትን ወይም ያልሰማችሁትን አላውቅም። የሰማ ሰው ካለ ለማንም ለማስረዳት አይቸገር። ሁሉን በስሙ የሚያውቅ ፈጣሪ የእኅታችንን ነፍስ በሰላም ያሳርፍልን፤ ለባለቤታቸውና ለልጃቸው መጽናናትን ይስጥልን፤ ስማቸው ተጠርቶ መልሳቸው ያልተጠበቀላቸውንም ሁሉ እሱ ይጠብቅልን። እኔ እንደታዘዝኩት ሁለቱን ስሞች ጎን ለጎን፣ በእርሳስ፣ እንዲህ ብዬ ጽፌያለሁ፤ እትዬ አረፉ፤ ማዶ አረፈደ።